ሰባት ቤት ከአራት

የተቃጠለ ጎማ ሽታ የሚወድ ሰው አላውቅም፤ እኔም አልወደውም። ባለፈው ሳምንት ከዳንግላ ስመለስ የተሳፈርኩበት ሚኒባስ እንጅባራ መግቢያ ላይ ጎማው ተነፈሰና ሁላችንም ወርደን ጎሚስታው ደጃፍ ቆምን። ዝናቡ ያካፋል። ሰውየው ካላማዳሪያውን፣ የጎማውን የውስጥ ላስቲክ፣ ጎልጉሎ አወጣ፣ ፈገፈገው፣ ማስቲሽ ቀባው፣ ከዚያ በጋለ ብረት ሲጫነው ያ ሽታ መጣ። አጠገቤ የቆመችው ሴትዮ አፍንጫዋን በነጠላዋ ሸፈነች። እኔ ደግሞ፣ ምን እንደነካኝ እንጃ፣ የራሴን እጅ አሸተትኩ።

ደክሞኝ ነበር። ሰሞኑን ሁልጊዜ ይደክመኛል። የደከመው ሰው ደግሞ ትዝታ ሲመጣበት የሚገፋበት አቅም የለውም፤ ዝም ብሎ ይቀበላል። መኪናው እስኪሠራ ድረስ እዚያው ድንጋይ ላይ ተቀምጬ አምስተኛ ክፍል የገባሁበትን ዓመት ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አሰብኩት።

የመንደራችን ትምህርት ቤት ከአራተኛ ክፍል አያልፍም ነበር። ከዚያ በላይ መማር የፈለገ ግማሽ ቀን በእግሩ ተጉዞ እንጅባራ ይገባና ቤት ተከራይቶ ይማራል። የኛ ሰዎች ከተማይቱን እንጅባራ አይሏትም፤ ቆሰበር ናት። ታላቅ እህቴ ጥሩሰው ከእኔ ቀድማ ቆሰበር ገብታ ሰባተኛ ክፍል ደርሳለች። አራት ዓመት ትበልጠኛለች። በስሟ ጠርቻት አላውቅም፤ እታለም ነበር የምላት። እኔ ብዙአየሁ ነኝ፤ እሷ ብዙዬ ትለኛለች።

የተከራየነው እትዬ ዘይነባ ግቢ ነው። እትዬ ዘይነባ ባላቸው የሞቱባቸው፣ ፊት ለፊት ሱቅ ያላቸው፣ ክርና መርፌ፣ ሻሽና ኩራዝ የሚሸጡ ሴት ናቸው። ከሱቁ ጀርባ፣ በቀርቀሃ አጥር ውስጥ፣ ሦስት የጭቃ ክፍሎች ነበሯቸውና ለተማሪ ያከራያሉ። የእኔ ሥራ ከቦኖ ውሃ መቅዳት ነበር። የቀረውን ሁሉ የምትሠራው እታለም ናት። አብስላ፣ አጥባ፣ ጠርጋ፣ ከዚያ በኩራዝ ታጠናለች፤ ከክፍሏም አንደኛ ነበረች። እኔ ይኼን ሁሉ ስታደርግ ሳይ ትልቅ ሰው ስለሆነች የማይደክማት ይመስለኝ ነበር። አሥራ አምስት ዓመት አልሞላትም።

እኔ ያኔ አማርኛዬ ያስቅ ነበር። ቤታችን የሚወራው አዊኛ ነው፤ አማርኛ የማውቀው ከአስተማሪ አፍ ብቻ ነው። አንድ ነገር ልናገር አፌን ስከፍት የከተማ ልጆች ከንፈራቸውን ይነክሳሉ። ስለዚህ መናገር ተውኩ። ከነሱ ጋር ያስታረቀኝ ኳስ ነው፤ ምክንያቱም የኛ ጨዋታ ሕግ ኳስ የምታነጥረው ልጅ አፏን እንድትከፍት አይፈቅድም።

ኳሷን የምንሠራት ራሳችን ነን። ከጎሚስታ ቤት የተጣለ ካላማዳሪያ ለቅመን፣ በምላጭ እንደ ቀለበት ቀጫጭን አድርገን እንቆርጠዋለን። ከዚያ ትንሽ ጨርቅ ድብልብል አድርገን፣ ያንን ላስቲክ አንዱን ባንዱ ላይ እየለጠጥን እስክትጠነክር እንጠቀልልባታለን። ጥቁር ትሆናለች። ደህና ከተሠራች ከጉልበት በላይ ትነጥራለች። እጅሽ ግን ለሳምንት ይሸታል፣ ደብተርሽ ላይ የጣትሽ አሻራ ይቀራል፣ አስተማሪው ያንን አይቶ በማስመሪያ መዳፍሽን ይልሻል። እኛ ምን ተዳችን።

ጨዋታው እንዲህ ነው። አንዷ ታነጥራለች፣ ባላጋራዋ ትዘፍንላታለች። ልብ በሉ፤ የምትዘፍነው ጓደኛዋ አይደለችም፣ ባላጋራዋ ናት። እንደ ባላጋራ አድርጎ የሚጠብቅሽ የለምና ቆጠራው የሚሰጠው ለሷ ነው። ዘፈኑ እስካልቆመ ድረስ አለሽ። ኳሷ ካመለጠችሽ ወይም አንዴ መንጠር ሲገባት ሁለቴ ከነጠረች ባላጋራሽ ዘፈኑን ታቆማለች፤ ሞትሽ ማለት ነው። እሷ ካላቆመች ማንም አያቆምሽም። በዚህ ክርክር የለም። ዘፈኑም ይኼ ነበር፦

አንድ፣ ወንዝ ወረደች፣
ሁለት፣ ውሃ ቀዳች፣
ሦስት፣ እንጨት ለቀመች፣
አራት፣ እሳት አያያዘች፣
አምስት፣ ጎመን ቀነጠሰች፣
ስድስት፣ ድንች ላጠች፣
ሰባት፣ በሩን ዘጋች፣
ስምንት፣ ልጅ አዘለች፣
ዘጠኝ፣ ደከማት ተኛች፣
አሥር፣ ሳትጠግብ ነቃች።

አሥሩን ስትጨርሺ አንድ ቤት ሠራሽ ይባላል። ከዚያ እንደገና ከአንድ። ለእያንዳንዱ የራሱ ምልክት አለው፤ ውሃ ቀዳች ሲባል ጎንበስ፣ በሩን ዘጋች ሲባል በእግርሽ ስር ማሳለፍ። ብዙዎቻችንን የምትገድለን ስምንት ነበረች። ልጅ አዘለች ሲባል ኳሷን መሬት መትተሽ፣ ዞረሽ፣ እጅሽን ወደ ኋላ ልከሽ ከጀርባሽ መቀበል አለብሽ። እታለም ይኼን ስታደርግ ሳታይ ነበር የምትቀበለው። በሰፈሩ የሚወዳደራት አልነበረም።

ቆሰበር ደግሞ ጭቃ ነው፤ ኳስ የሚነጥርበት ደረቅ መሬት ከየት ይመጣል? ያለው የእትዬ ዘይነባ ሱቅ በረንዳ ብቻ ነበር፣ ሲሚንቶ ነው። እሳቸው ደንበኛ ስላለባቸው ያባርሩናል። አርብ ቀትር ላይ ግን ሱቁን ዘግተው ወደ ውስጥ ገብተው ይሰግዳሉ፤ ያን ጊዜ በረንዳው የኛ ነው። የጠዋት ፈረቃ ስለነበርን ከትምህርት ቤት እየሮጥን እንመጣለን። ሰግደው ሲወጡ በሩ ላይ ቆም ይሉና፣ “እናንተ የሰው በረንዳ አፍራሾች” ይሉናል። ያም ሆኖ የያዘችው ልጅ ቤቷን ሳትጨርስ አያስነሷትም።

በዚያ ዓመት ያልገባኝ ነገር ብዙ ነው። እታለም የሚመጣው ዓመት ስምንተኛ ገብቼ ሚኒስትሪ እፈተናለሁ ስትል፣ ሚኒስትር የሚባል ትልቅ ሰው በመኪና መጥቶ ፊት ለፊቷ ቁጭ ብሎ የሚጠይቃት ይመስለኝ ነበር። ታዲያ ቀሚሷ አሮጌ በመሆኑ እኔ ነበርኩ የምጨነቀው።

ኅዳር ላይ፣ ቅዳሜ ገበያ፣ አባዬ መጣ። ፈረሱን አጥሩ ላይ አሰረ፣ ለስንቃችን ያመጣውን ድንች አወረደ፣ ግን ወደ ክፍላችን አልገባም። በረንዳው ጫፍ ላይ ተቀመጠ። ጋቢው ርሶ ነበር። እትዬ ዘይነባ ሻይ አቀረቡለት።

“እናታችሁ ከወለደች ወዲህ ወገቧ አልያዘላትም” አለ፤ ለኛ ይናገር እንጂ የሚያየው ፈረሱን ነው። “ከመደብ አትነሳም። ሕፃኑ አለ፣ ከብቱ አለ። እኔ እርሻ ልሁን ቤት ልሁን? አንዳችሁ መመለስ አለባችሁ።”

“አላህ ያሽርልዎ” አሉ እትዬ ዘይነባ።

“የቷ?” አለች እታለም።

አባዬ ሻዩን ጨረሰ። “እኔ አልመርጥም” አለ በመጨረሻ። “ከሁለት ዓይኔ የቱን ልበል? ተነጋገሩና የዛሬ ሳምንት ጠብቁኝ።”

ፈረሱን ፈትቶ ሄደ። እትዬ ዘይነባ ብርጭቆውን አነሱና፣ “ወንድ ልጅ ሲጨንቀው እንዲህ ነው” አሉ፣ “ሸክሙን ልጆቹ ላይ አውርዶ ይሄዳል። በሉ፣ የምትቀረዋ ከእኔ ጋር ትተኛለች። ሴት ልጅ ብቻዋን ጓሮ አላሳድርም።”

በዚያ ሳምንት ውስጥ አልተነጋገርንም ማለት ይቻላል። ረቡዕ ማታ ድንች እየላጠች እታለም ጀመረች። “ብዙዬ፣ አንቺ ገና አምስተኛ ነሽ። አንድ ዓመት ብትቆዪ ምንም አይቀርብሽም። እኔ ግን አሁን ከወጣሁ ወጣሁ ነው።” እውነቷን ነው። ዛሬ ሳስበው አንድም ስህተት አላገኝበትም። ያን ጊዜም ሳይገባኝ ቀርቶ አይደለም፤ ስለገባኝ ነው ያለቀስኩት። ራት አልበላሁም፣ በማግስቱም ቁርስ አልበላሁም።

ሰው ቢጠይቀኝ ትምህርት ወድጄ ነው እል ነበር። ውሸት ነው። እናቴን ተኝታ ማየት ፈርቼ ነበር። እናቴ ተኝታ አይቻት አላውቅም፤ ከሁላችን በፊት ተነስታ፣ ከሁላችን በኋላ የምትተኛ ሴት ናት። መደብ ላይ ተጋድማ “ውሃ ስጪኝ” ስትለኝ ይታየኛል። ይኼን ለእታለም አልነገርኳትም። በነገርኳት ኖሮ ትስቅብኝ ነበር ወይስ ታቅፈኝ ነበር፣ እንጃ።

ሐሙስ ዕለት “በኳስ እንየው” አልኳት።

ሳቀች። ከዚያ ሳቋን አቆመችና ትክ ብላ አየችኝ። “ከተሸነፍሽ ሳታለቅሺ ትሄጃለሽ?”

“እሄዳለሁ።”

“እናታችን ትሙት በይ።”

እናቴ ታማ እንዲህ ብሎ መማል ከበደኝ፤ ግን ማልኩ። “እሺ” አለች። “ነገ፣ እትዬ ዘይነባ ሲሰግዱ።”

አርብ ቀትር ልጆቹ ሁሉ መጡ፤ የምንጫወትበትን ነገር ግን አያውቁም። ታላቅና ታናሽ ሊጋጠሙ ነው ብለው አጥሩን ተደግፈው ቆሙ። መጀመሪያ እታለም ያዘች፣ እኔ ዘፈንኩላት። ለዘፈን ሲሆን አማርኛዬ አይሰናከልም። እታለም እንደ ልማዷ እየሳቀች አልነበረም። ከንፈሯን ነክሳ፣ ላብ በግንባሯ ወርዶ፣ ስድስት ቤት ጨረሰች፣ ሰባት ጨረሰች። በስምንተኛው ቤት አራት፣ እሳት አያያዘች ስል ኳሷ በሲሚንቶው ስንጥቅ ላይ አረፈችና ወደ ጭቃው ተወረወረች። ዘፈኑን አቆምኩ። ሰባት ቤት ከአራት። እኔ በሕይወቴ ከአምስት ቤት አልፌ አላውቅም። እታለም ኳሷን አንስታ በቀሚሷ ጠረገችና ሰጠችኝ። ፊቷ ላይ ያየሁት እፎይታ ነው።

እኔ ያዝኩ፣ እሷ ዘፈነች። እግዚአብሔር ይወቀው፣ ያን ቀን እጄ የኔ አልነበረም። አምስት ቤት አለፍኩ፣ ስድስት ጨረስኩ። በሰባተኛው ቤት ስምንት፣ ልጅ አዘለች አለች። መታሁ፣ ዞርኩ፣ እጄን ወደ ኋላ ላክሁ። ኳሷ ዘገየች። አንዴ ነጠረች፣ ተረከዜን ነካች፣ ሁለተኛ ነጠረች፣ ከዚያ እጄ ውስጥ ገባች። በዚያው ቅጽበት አንድ ጋሪ በፊታችን እየተንገጫገጨ አለፈ፤ ልጆቹ ሁሉ ወደ ጋሪው ዞሩ። ሞቻለሁ። ኳሷን ልለቅ እጄን ፈታሁ።

“ዘጠኝ፣ ደከማት ተኛች” አለች እታለም።

አላየችም አልኩ በልቤ። ከልጆቹ ጋር ጋሪውን እያየች ነበር አልኩ። አነጠርኩ። አሥር፣ ሳትጠግብ ነቃች። አንድ፣ ሁለት፣ ድምጿ አልተለወጠም። ሰባት ቤት ሞላሁ፣ አራትን አለፍኩ፣ አምስት ላይ፣ ጎመን ቀነጠሰች ስትል፣ ኳሷን ደረቴ ላይ ይዤ ቆምኩ። ልጆቹ ጮኹ። አንዷ፣ “ጥሩሰው በታናሿ ተሸነፈች” ብላ እየዘለለች ወደ ሰፈር ሮጠች።

“በቃ” አለች እታለም። ወደ ጓሮ ገባች። ትንሽ ቆይቼ ስገባ መጻሕፍቷን በማዳበሪያ ጆንያ እየከተተች ነበር።

ቅዳሜ አባዬ ሲመጣ ጆንያዋን ይዛ ደጅ ቆማለች። አባዬ እሷን አየ፣ እኔን አየ፣ ምንም አልጠየቀም። እትዬ ዘይነባ ግን ጠየቁ። “ምነው ልጄ፣ ትልቋ? አንደኛ የምትወጣዋ?” እታለም፣ “ተስማምተን ነው እትዬ” አለቻቸው። ፈረሱ ላይ አልተቀመጠችም፤ ጆንያዋን ጭና ከኋላ በእግሯ ሄደች። እኔ አጥሩን ይዤ ቆሜ፣ ለአንድ ዓመት ነው፣ እናቴ ወገቧ ሲድን ትመለሳለች፣ ሚኒስትሩም ቢሆን ገጠር ድረስ ይመጣላታል እያልኩ ራሴን አጽናናሁ።

ከእትዬ ዘይነባ ጋር ኖርኩ። ክፉ አልነኩኝም። ሥጋ በሠሩ ቀን ለእኔ በሌላ ድስት ሽሮ ይሠሩልኛል፤ “የእናትሽን አደራ አልበላም” ይላሉ። ቤተ ክርስቲያን ሳልሄድ እንዳልቀር ቅዳሜ ማታ እሁድን ያስታውሱኛል። ግን ሌሊት አጠገባቸው ስተኛ ያች ኳስ ሁለቴ ስትነጥር ይሰማኛል። ለእሳቸው ልናገር አስብና ያወጡኛል ብዬ እተወዋለሁ።

ለገና ወደ ቤት ሄድኩ። የፈራሁት ነገር ደረሰ፤ እናቴ ተኝታለች፣ “ውሃ ስጪኝ” አለችኝ፣ ሰጠኋት። ያን ያህል አያስፈራም ነበር። እታለም ሕፃኑን አዝላ፣ ጎንበስ ብላ፣ በርሜል ሙሉ ድንች ታጥባለች። ጆንያው ግድግዳ ላይ ተሰቅሏል። ስንቀመጥ፣ “ሰባተኛዎች የት ደረሱ?” አለችኝ። ምን አውቃለሁ። “ከጓደኛዬ ደብተር ተውሰሽ ላኪልኝ፣ እየገለበጥኩ እመልስላታለሁ” አለች። እሺ አልኳት። አንዴ ላክሁላት። ሁለተኛ ግን አልላክሁም። ረሳሁት እላለሁ፤ ያው ስንፍና ነው።

በዚያው ገና የነፍስ አባታችን ቤታችን መጥተው ነበር። በር ላይ ጠብቄ፣ “አባ፣ ኳስ ሁለቴ ነጥራ ዝም ማለት ኃጢአት ነው?” አልኳቸው።

“ዋሸሽ?”

“አልዋሸሁም። ምንም አልተናገርኩም። ዝም ነው ያልኩት።”

“ዝም ማለትማ የመነኩሴ ሙያ ነው” ብለው ሳቁ። ከዚያ ፊቴን ሲያዩ፣ “በይ አርባ ስገጂ” አሉኝ። ከበረቱ ጀርባ አርባውንም ሰገድኩ። ጉልበቴ ተላጠ፣ ሌላ የተለወጠ ነገር የለም።

ግንቦት መጨረሻ ላይ ስንቅ ይዛ የመጣችው እታለም ራሷ ነች። አባዬ እርሻ ላይ ነው አለች። ፈረሱን አሰረች፣ ጆንያውን ብቻዋን አወረደች፣ በረንዳው ላይ ተቀመጠች። እጆቿ ተሰነጣጥቀዋል፤ ስንጥቁ ውስጥ አፈር ገብቷል። ከስድስት ወር በፊት የማውቃት ልጅ አትመስልም። እትዬ ዘይነባ ሊያበሏት ወደ ውስጥ ሲገቡ ከዚያ በላይ መቻል አቃተኝ።

“እታለም፣ ያን ቀን ኳሷ ሁለቴ ነጥራለች። ስድስት ቤት ከስምንት ላይ። አንቺ ጋሪውን ስታዪ።”

“ጋሪ አላየሁም” አለች። “ኳሷን ነበር የማየው።”

ፈረሱ ጭራውን ያወናጭፋል።

“ታዲያ ለምን አላቆምሽም?”

“እንጃ።” ከጣቷ ስንጥቅ ውስጥ አፈሩን ፈገፈገች። “እሺ ያልኩሽ እንደማሸንፍሽ ስለማውቅ ነው። ሳታለቅሺ እንድትሄጂልኝ። ስትሞቺ ላቆም ነበር። ግን ኳሷን ልትለቂ እጅሽን ስትፈቺ አየሁሽ፤ አፌ አልቆመልኝም። ዘጠኝ ካልኩ በኋላ እንዴት እመልሰዋለሁ?”

“ቆጭቶሻል?”

“አዎ።” ቁጣ የለበትም። “ገና መንገድ ላይ ነበር የቆጨኝ። አባዬ እንዳያየኝ ከፈረሱ ኋላ እየሄድኩ አለቀስኩ።”

“እኔ ልመለስ፣ አንቺ ነይ። ለአባዬ ዛሬ እነግረዋለሁ።”

“ዓመቱ አልፎኝ? ደግሞ ሕፃኑ ለምዶኛል፣ ከኔ ጀርባ ካልሆነ አይተኛም። እናታችንም ገና እንደተኛች ናት።” ተነስታ የፈረሱን ልጓም አስተካከለች። ሁሉንም በቀስታ ነበር የምታደርገው፤ ያኔ ነው እታለምም እንደሚደክማት ያወቅሁት። “አንድ ነገር ብቻ አድርጊልኝ። ገበያ ስመጣ ልጆቹ ያዩኝና፣ በታናሿ ተሸንፋ ትምህርት የተወችው ይሉኛል። ሌላውን ችዬዋለሁ፣ እሱ ግን ያመኛል። ንገሪያቸው።”

“እነግራቸዋለሁ” አልኳት።

አርብ ቀትር በረንዳው ላይ ተሰበሰብን። ልናገር አፌን ከፈትኩ፤ አማርኛዬ ያኔ ደህና ሆኖ ነበር፣ ማንም አይስቅብኝም። ግን ከነገርኳቸው፣ ታዲያ አንቺ እዚህ ምን ትሠሪያለሽ ይሉኛል። ተራዬ ደርሶ ኳሷን ሰጡኝ፣ ያዝኩና አነጠርኩ። በሚቀጥለውም አርብ አልተናገርኩም፣ ከዚያም በኋላ ለማንም ተናግሬ አላውቅም።

ያሸነፈችው ጥሩሰው ናት።